የጠቅላይ ተቋም የውስጥ ለውስጥ ኑሮ

የውስጥ ለውስጥ ኑሮ በሶሲዮሎጂ፣ በጥብቅ ቁጥጥር ሥር የሚኖሩ ሰዎች ደንቡን በግልጽ ሳይጋፉ፣ ከደንቡ ጀርባ ለራሳቸው የሚፈጥሩት ኑሮ ነው። ይህ ኑሮ የሚታይበት ቦታ ጠቅላይ ተቋም ይባላል። እስር ቤት፣ የአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል፣ የጦር ሰፈር፣ አዳሪ ትምህርት ቤትና ገዳም የጠቅላይ ተቋም ምሳሌዎች ናቸው። ሁለቱን ጽንሰ ሐሳቦች በሰፊው ያስተዋወቀው ካናዳ ተወልዶ በአሜሪካ ያስተማረው ሶሲዮሎጂስት ኧርቪንግ ጎፍማን (1922–1982 እ.ኤ.አ.) ነው። ሐሳቡን ያብራራው እ.ኤ.አ. በ1961 ባሳተመው «አሳይለምስ» በተሰኘው መጽሐፉ ነው።

የጽንሰ ሐሳቡ ፍሬ ነገር መታዘዝና መቃወም ሁልጊዜ ተቃራኒ አለመሆናቸው ነው። በአንድ ተቋም ውስጥ የሚኖር ሰው ትእዛዝን እየፈጸመ፣ በዚያው ሥራ ውስጥ ተቋሙ ያልፈቀደለትን ነገር ሊያደርግ ይችላል። ስለዚህ በውጭ ሲታይ ሙሉ በሙሉ የተገዛ የሚመስል ሰው ለራሱ ያስቀረው ነገር ሊኖር ይችላል፤ ያ ነገር ትንሽ ቢሆንም «እኔ» የሚለውን ስሜት ጠብቆ ለማቆየት ይረዳዋል።

የጠቅላይ ተቋም ምንነት

በዘመናዊ ኅብረተሰብ አንድ ሰው አብዛኛውን ጊዜ የሚተኛው፣ የሚሠራውና የሚዝናናው በተለያየ ቦታ፣ ከተለያዩ ሰዎች ጋርና በተለያየ ኃላፊ ሥር ነው። በሥራ ቦታው የተቆጣ ሰው ቤቱ ገብቶ ያርፋል። በጠቅላይ ተቋም ግን ይህ አጥር ይፈርሳል። ጎፍማን አራት መለያዎችን ዘርዝሯል፦

1. የኑሮው ክፍሎች በሙሉ በአንድ ቦታና በአንድ የበላይ አካል ሥር ይካሄዳሉ።
2. እያንዳንዱ ሰው የዕለት ሥራውን የሚያከናውነው ከብዙ ሰዎች ጋር አብሮ ነው፤ ሁሉም በአንድ ዓይነት መንገድ ይያዛሉ፣ አንድ ዓይነት ነገርም ይጠበቅባቸዋል።
3. ቀኑ በሰዓት ተሸንሽኗል፤ አንዱ ተግባር ወደሚቀጥለው የሚመራው ከላይ በወረደ ደንብ ነው።
4. እነዚህ ተግባራት ሁሉ የተቋሙን ዓላማ ያሳካሉ ተብለው በአንድ እቅድ ውስጥ ተቀናጅተዋል።

በተቋሙ ውስጥ ሰዎች ለሁለት ይከፈላሉ። በአንድ ወገን ቁጥራቸው ብዙ የሆነ ነዋሪዎች አሉ፤ እነዚህ ከውጭው ዓለም ጋር ያላቸው ግንኙነት የተገደበ ነው። በሌላው ወገን ቁጥራቸው አነስተኛ የሆነ ሠራተኞች አሉ፤ እነዚህ ሥራቸውን ጨርሰው ወደ ቤታቸው ይሄዳሉ። ነዋሪው ስለ ራሱ ጉዳይ የተወሰነውን ውሳኔ ብዙ ጊዜ የሚያውቀው መጨረሻ ላይ ነው።

ጎፍማን ጠቅላይ ተቋማትን በአምስት መድቧቸዋል። የመጀመሪያዎቹ ራሳቸውን መርዳት ለማይችሉ ሰዎች የተቋቋሙ ናቸው፤ ለምሳሌ የአረጋውያንና የወላጅ አልባ ሕፃናት ማሳደጊያዎች። ሁለተኛዎቹ ራሳቸውን መርዳት የማይችሉና ሳያስቡት ለሌላው አደጋ ይሆናሉ ተብለው የሚፈሩ ሰዎች የሚገቡባቸው ናቸው፤ የአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታልና የሥጋ ደዌ ሕሙማን መንደር በዚህ ይመደባሉ። ሦስተኛዎቹ ኅብረተሰቡን ሆነ ተብሎ ከሚመጣ አደጋ ለመጠበቅ ተብለው የተሠሩ ናቸው፤ እስር ቤትና የጦር ምርኮኞች ካምፕ ምሳሌ ናቸው። አራተኛዎቹ ለአንድ ሥራ ሲባል የተቋቋሙ እንደ ጦር ሰፈር፣ መርከብና አዳሪ ትምህርት ቤት ያሉት ናቸው። አምስተኛዎቹ ከዓለም ለመለየት የሚገባባቸው እንደ ገዳም ያሉ ናቸው።

የጎፍማን ጥናት

ጎፍማን ለመጽሐፉ መሠረት የሆነውን የመስክ ጥናት ያካሄደው እ.ኤ.አ. በ1955 እና 1956 በዋሽንግተን ዲሲ በሚገኘው የቅድስት ኤልሳቤጥ ሆስፒታል ነው። ይህ የፌዴራል መንግሥት የአእምሮ ሆስፒታል በዚያን ጊዜ ከ7,000 በላይ ሕሙማን ነበሩት። ጎፍማን በስፖርት ክፍሉ ረዳትነት ስም ገብቶ ቀኑን ከሕሙማኑ ጋር ያሳልፍ ነበር። የጥናቱን ዓላማ የሚያውቁት የሆስፒታሉ ከፍተኛ ኃላፊዎች ነበሩ። የሠራተኞች ምልክት የሆነውን ቁልፍ ከመያዝም ይቆጠብ ነበር።

ጎፍማን የሕክምናውን ውጤት ለመመዘን አልተነሣም። ሊያውቅ የፈለገው ታማሚው ራሱ የሆስፒታሉን ኑሮ እንዴት እንደሚያየው ነበር። ከውጭ ሲታይ ትርጉም የለሽ የሚመስል የታማሚ ድርጊት ሰውየው ያለበትን ሁኔታ በቅርብ ሲያዩት ምክንያት ያለው ሆኖ ይገኛል የሚል እምነት ነበረው።

የማንነት ገፈፋ

አዲስ ገቢ ወደ ተቋሙ ሲደርስ በተወሰነ የአቀባበል ሥርዓት ያልፋል። ስሙና ታሪኩ ይመዘገባል፣ ፎቶ ይነሣል፣ አሻራ ይሰጣል፣ ይፈተሻል፣ ልብሱን አውልቆ ይታጠባል፣ ፀጉሩ ይቆረጣል፣ የተቋሙን ልብስ ይለብሳል፣ ቁጥር ወይም አልጋ ይሰጠዋል። ጎፍማን ይህን ሂደት የማንነት ገፈፋ አድርጎ ይመለከተዋል። ሰው ራሱን የሚያውቀው በስሙ፣ በልብሱ፣ በዕቃዎቹና ከሌሎች ጋር ባለው ግንኙነት ነው፤ እነዚህ በአንድ ቀን ሲወሰዱበት ከውጭ ይዞት የመጣው ማንነት ይናጋል።

ገፈፋው በየዕለቱ ይቀጥላል። በውጭ ሳለ ማንንም ሳይጠይቅ ያደርገው የነበረውን ትንሽ ነገር፣ ለምሳሌ ውሃ መጠጣትን፣ መጸዳጃ መሄድን፣ ደብዳቤ መላክን፣ አሁን በፈቃድ ብቻ ያደርገዋል። በዚህ ላይ አዙሪት አለ። ነዋሪው ስለ ተሰደበ ፊቱን ቢያጠቁር፣ ፊት ማጥቆሩ ራሱ እንደ ጥፋት ወይም እንደ ሕመም ምልክት ይመዘገብበታል። በውጭው ዓለም ሰው ክብሩን የሚያስጠብቅበት ምላሽ በተቋሙ ውስጥ ለሚቀጥለው ቅጣት ምክንያት ይሆናል። ግልጽ ተቃውሞ ብዙ ጊዜ ወደ ስውርነት የሚለወጠውም በዚህ የተነሣ ነው።

አምስት የመላመድ መንገዶች

ተቋሙ ከገፈፋው ጎን ለጎን የሽልማትና የቅጣት ሥርዓት ያቀርባል። ለታዘዘ ሰው ትንንሽ ጥቅሞች ይፈቀዳሉ፤ ሲጋራ፣ የተሻለ ክፍል፣ ቀለል ያለ ሥራ። እነዚህ ነገሮች በውጭ ሳሉ ማንም ልብ የማይላቸው ሲሆኑ፣ በውስጥ ግን ትልቅ ዋጋ ያገኛሉ። በዚህ ሥርዓት ውስጥ ነዋሪዎች የሚከተሏቸው መንገዶች የሚከተሉት ናቸው፦

ራስን ማግለል፦ ነዋሪው ከፊቱ ካለው ነገር በቀር ለምንም ነገር ትኩረት መስጠት ያቆማል፤ ከሰውም ይርቃል።

አሻፈረኝ ማለት፦ ነዋሪው ከሠራተኞች ጋር አልተባበርም ብሎ በግልጽ ይገጥማል። ጎፍማን እንደሚለው ይህ ብዙ ጊዜ በመጀመሪያዎቹ ጊዜያት የሚታይና የማይዘልቅ ነው።

ጎጆ መቀለስ፦ ነዋሪው በተቋሙ ከሚገኘው ጥቂት ነገር የተደላደለ ኑሮ ይሠራል፤ የውጭውን ዓለም መጥፎነት እያነሣ እዚሁ መኖር ይሻላል ይላል።

መለወጥ፦ ነዋሪው ተቋሙ ስለ እርሱ ያለውን አመለካከት ተቀብሎ፣ ተቋሙ የሚፈልገውን ዓይነት ሰው ለመሆን ይጥራል።

አንገት ደፍቶ መክረም፦ እንደ ጎፍማን አስተያየት አብዛኛው ሰው የሚመርጠው ይህንን ነው። ነዋሪው እንደ ሁኔታው የተለያዩ መንገዶችን ይቀላቅላል። በሠራተኞች ፊት ይታዘዛል፣ በጓደኞቹ ፊት ከእነርሱ ጋር ይሆናል። ዓላማው በአካልም በአእምሮም ሳይጎዳ የሚወጣበትን ቀን ማየት ነው።

ሁለተኛ መላመድ

ጎፍማን መላመድን በሁለት ይከፍላል። ቀዳሚ መላመድ የሚባለው ሰውየው ተቋሙ የጠየቀውን ተቋሙ በፈቀደው መንገድ ሲያደርግ ነው። ሁለተኛ መላመድ የሚባለው ደግሞ ያልተፈቀደ መንገድ በመጠቀም ወይም ያልተፈቀደ ዓላማን በማሳካት፣ ተቋሙ «አንተ እንዲህ ነህ» ብሎ ከወሰነለት ቦታ ሲያመልጥ ነው። የውስጥ ለውስጥ ኑሮ የሚባለው የእነዚህ ሁለተኛ መላመዶች ድምር ነው።

በሆስፒታሉ ውስጥ ከታዩት መካከል የሚከተሉት ይገኛሉ።

በዕቃ መጠቀም፦ አንዳንድ ሕሙማን የግል ልብሳቸውን በመታጠቢያ ክፍል አጥበው በክፍል ማሞቂያው ላይ ያደርቁ ነበር፤ በዚህም የልብስ አጠባ ጉዳይ ከተቋሙ እጅ ወጥቶ በእነርሱ እጅ ይገባል። በጠንካራ የእንጨት ወንበር ላይ የሚውሉ አረጋውያን ጋዜጣ ጠቅልለው አንገታቸውን ያስደግፉ ነበር።

ሥርዓቱን መጠቀም፦ አንዳንዱ ምግብ ለማግኘት ሲል ወጥ ቤት መሥራትን ይመርጣል። አንዳንዱ በሃይማኖት አገልግሎት ወይም በቡድን ሕክምና የሚሳተፈው ከክፍሉ ለመውጣትና ከሌሎች ሰዎች ጋር ለመገናኘት ነው። ድርጊቱ የተፈቀደ ነው፤ ከደንቡ ውጭ የሆነው ምክንያቱ ነው።

ነጻ ቦታ፦ በግቢው ውስጥ የሠራተኞች ዓይን የማይበዛባቸው ቦታዎች ነበሩ። ከሆስፒታሉ ጀርባ ያለው ዛፍ የበዛበት ቦታ ለመጠጥ፣ አንድ ትልቅ ዛፍ ጥላ ደግሞ ለካርታ ጨዋታ ያገለግሉ ነበር።

መሸሸጊያ፦ የግል ቁም ሣጥን በሌለበት ቦታ ሰዎች ያላቸውን ዕቃ ሁሉ በኪሳቸው ወይም በከረጢት ይዘው ይዞራሉ። ከውጭ ለሚያይ ይህ የሕመም ምልክት ሊመስል ይችላል። ዕቃ የሚያስቀምጥበት ቦታ ለሌለው ሰው ግን ተገቢ መፍትሔ ነው።

ጎፍማን ሁለተኛ መላመድን አዋኪና ያልተሻገረ ብሎ ይለየዋል። አዋኪው ተቋሙን ለመጣል ወይም ለማምለጥ ያለመ ነው። ያልተሻገረው ግን ተቋሙን እንዳለ ትቶ በውስጡ ቦታ ያበጃል። ታዲያ ያልተሻገረው ዓይነት ለምን ያስፈልጋል? የጎፍማን መልስ ጥቅሙ በሚገኘው ዕቃ ብቻ አይለካም የሚል ነው። በድብቅ የተገኘ ሲጋራ ከተፈቀደው ሲጋራ የሚለየው፣ ሰውየው ከተቋሙ ቁጥጥር ውጭ የሆነ ነገር እንዳለው ለራሱ ስለሚያሳየው ነው።

ተቆጣጣሪዎች ለምን ያልፉታል

አሜሪካዊው ሶሲዮሎጂስት ግሬሻም ሳይክስ በኒው ጀርሲ ግዛት በትሬንተን ከተማ ያለውን ከፍተኛ ጥበቃ የሚደረግበት እስር ቤት አጥንቶ እ.ኤ.አ. በ1958 መጽሐፍ አሳትሟል። ሳይክስ የእስርን ሥቃይ በአምስት እጦት ገልጾታል፦ የነጻነት፣ የዕቃና አገልግሎት፣ የተቃራኒ ጾታ ግንኙነት፣ በራስ የመወሰን መብትና የደኅንነት።

ሳይክስ በተጨማሪ የዘቦች ኃይል የሚመስለውን ያህል ፍጹም እንዳልሆነ አሳይቷል። ዘቡ እስረኛውን መቅጣት ይችላል፤ ነገር ግን በየቀኑ ግቢው እንዲጸዳ፣ ምግብ እንዲበስል፣ ቆጠራው በሰዓቱ እንዲያልቅ በእስረኞች ትብብር ላይ ይመካል። ሁልጊዜ የሚቀጣ ዘብ ሥራው አይሳካለትም፤ ክፍሉ ቢታወክ አለቆቹ እርሱን ይጠይቁታል። ስለዚህ ትንሹን ጥፋት አይቶ እንዳላየ ያልፋል፤ በምላሹ ጸጥታ ያገኛል። ከውጭ ፍጹም ሥርዓት የሚመስለው ነገር በከፊል ያልተጻፈ ድርድር ነው።

ታሪካዊ ምሳሌዎች

ሃኖይ፦ በቬትናም ጦርነት ጊዜ በሃኖይ ሆዋ ሎ እስር ቤት የነበሩ አሜሪካውያን ምርኮኞች እርስ በርስ መነጋገር ተከልክለው ነበር። እ.ኤ.አ. በ1965 ካርላይል ሃሪስ የተባለ አብራሪ ቀደም ሲል የሰማውን በግድግዳ ላይ የመንኳኳት ኮድ ለጓደኞቹ አስተማረ። በኮዱ የላቲን ፊደላት በአምስት ረድፍና በአምስት ዓምድ ይደረደራሉ። 25 ቦታ ብቻ ስላለ ኬ የተባለው ፊደል ተትቶ በእርሱ ፋንታ ሲ ያገለግላል። የመጀመሪያው ምት ረድፉን፣ ሁለተኛው ምት ዓምዱን ያመለክታል፤ ሁለት ጊዜ ከተመታ በኋላ ሦስት ጊዜ ቢመታ በሁለተኛው ረድፍ ሦስተኛው ፊደል ማለትም ኤች ይሆናል። ምርኮኞቹ ኮዱን በሳልና በመጥረጊያ ምትም ይጠቀሙበት ነበር። ግቢ እንዲጠርግ የታዘዘ ምርኮኛ እየጠረገ መልእክት ያስተላልፋል። በዚህ ጊዜ ትእዛዙን መፈጸምና ክልከላውን መጣስ አንድ ድርጊት ይሆናሉ።

ሮበን ደሴት፦ በደቡብ አፍሪካ የአፓርታይድ ዘመን የፖለቲካ እስረኞች በሮበን ደሴት ታስረው ነበር። ኔልሰን ማንዴላ ከ27 የእስር ዓመታቱ 18ቱን ያሳለፈው በዚህ ነው። እስረኞቹ በኖራ ድንጋይ ካባ ሲሠሩ እርስ በርስ ይማማሩ ነበር። ኳስ ለመጫወት ደጋግመው ከጠየቁ በኋላ ተፈቅዶላቸው ማካና የተባለ የእግር ኳስ ማኅበር አቋቋሙ፤ ውድድሩንም በፊፋ ሕግ ይመሩ ነበር። ማንዴላ በድብቅ የጻፈውን የሕይወት ታሪክ ማክ ማሃራጅ እ.ኤ.አ. በ1976 ሲፈታ ቅጂውን ደብቆ አወጣው። በግቢው የተቀበረው ዋናው ጽሑፍ ግን በቁፋሮ ተገኘ፤ በዚህም ማንዴላ፣ ዋልተር ሲሱሉና አህመድ ካትራዳ ለአራት ዓመታት የመማር ፈቃድ ተከለከሉ። ስውር ተቃውሞ ከባድ ዋጋ ሊያስከፍል እንደሚችል ይህ ያሳያል።

ኢትዮጵያ፦ ገጣሚና ጋዜጠኛ ነቢይ መኮንን በደርግ ዘመን ታስሮ ሳለ የማርጋሬት ሚቼልን «ጎን ዊዝ ዘ ዊንድ» የተሰኘ ልቦለድ ወደ አማርኛ ተርጉሟል። ወረቀት ስላልነበረ የተጠቀመው በሲጋራ ፓኮ ወረቀት ሲሆን፣ ቁጥሩ ወደ 3,000 ይጠጋል። ጽሑፉ በሚፈቱ እስረኞች አማካይነት በሲጋራ ፓኮ ውስጥ ተደብቆ ወጣ፤ በኋላም «ነገም ሌላ ቀን ነው» በሚል ርእስ ታተመ። የሲጋራ ፓኮ በእስር ቤት ተራ ዕቃ ነው፤ እንደ ማሞቂያውና እንደ ጋዜጣው ሁሉ ያልታሰበለት አገልግሎት ተሰጠው።

በአማርኛ ቋንቋ ውስጥም የጎፍማንን ምድብ የሚያስታውስ ነገር አለ። «ዓለም በቃኝ» የሚለው አነጋገር በፈቃዱ የመነነን ሰው ይገልጻል። በአዲስ አበባ በከርቸሌ የነበረው እስር ቤትም በዚሁ ስም ይጠራ ነበር፤ ዛሬ ቦታው ላይ የአፍሪካ ኅብረት ዋና መሥሪያ ቤት ይገኛል። አንድ ስም ወዶ ለገባም ተገዶ ለገባም ማገልገሉ ጎፍማን ገዳምንና እስር ቤትን በአንድ ጥላ ሥር ካስቀመጠበት አመለካከት ጋር ይቀራረባል።

ተዛማጅ ጽንሰ ሐሳቦች

ፈረንሳዊው ፈላስፋ ሚሼል ፉኮ እ.ኤ.አ. በ1975 ባሳተመው የእስር ቤት ታሪክ ጥናቱ ሰዎች ለምን እንደሚታዘዙ መርምሯል። ምሳሌው የእንግሊዛዊው ጄረሚ ቤንተም የእስር ቤት ንድፍ ነው። በንድፉ ዘቡ ከመካከል ባለ ማማ ሆኖ ሁሉንም ክፍል ማየት ይችላል፤ እስረኛው ግን ዘቡን አያይም። እስረኛው መቼ እንደሚታይ ስለማያውቅ ሁልጊዜ እንደሚታይ ሆኖ ይኖራል፤ በመጨረሻም ራሱን በራሱ ይጠብቃል።

አሜሪካዊው የፖለቲካ ሳይንስ ምሁር ጄምስ ስኮት ደግሞ ተመሳሳይ ጉዳይ ከተቋም ውጭ አጥንቷል። እ.ኤ.አ. በ1985 በማሌዥያ አንድ መንደር ገበሬዎች ላይ ባሳተመው መጽሐፍ እንደ ሥራ ማዘግየት፣ አላዋቂ መምሰልና ሐሜት ያሉትን የደካሞች መሣሪያ ብሏቸዋል። እ.ኤ.አ. በ1990 ያወጣውን መጽሐፍ የከፈተው ኢትዮጵያዊ ነው ባለው ምሳሌያዊ አነጋገር ነው፤ አነጋገሩ በጌታው ፊት ጎንበስ ብሎ እጅ እየነሣ ድምፅ ሳያሰማ ስለሚንቀው ገበሬ ይናገራል። ስኮት በገዢው ፊት የሚነገረውንና ከጀርባው የሚነገረውን ለይቶ ያያል። በአማርኛ ቅኔ የሰምና ወርቅ ስልትም አንድን ንግግር ሁለት ትርጉም በመስጠት ሊነገር የማይችለውን ለመናገር ያገለግላል።

ትችትና ወሰን

በመጀመሪያ ደረጃ፣ ወዶ የሚገባበትን ገዳምና ተገዶ የሚገባበትን እስር ቤት በአንድ ስም መጥራት ልዩነታቸውን ይሸፍናል የሚል ትችት ቀርቧል። መነኩሴ ማንነቱን የሚተወው ራሱ መርጦ ነው። ብሪታኒያዊቷ ሶሲዮሎጂስት ሱዚ ስኮት እ.ኤ.አ. በ2011 ባሳተመችው መጽሐፍ ሰዎች ራሳቸውን ለመለወጥ ወደው ስለሚገቡባቸው ተቋማት ለይታ ጽፋለች።

ሁለተኛው ጥያቄ የስውር ተቃውሞው ውጤት ነው። ያልተሻገረ ሁለተኛ መላመድ ኑሮውን ስለሚያቀልል ተቋሙ ሳይለወጥ እንዲቀጥል ሊረዳ ይችላል። በነዋሪዎች መካከልም እኩልነት የለም፤ ድብቁን ንግድ የሚቆጣጠረው ጠንካራው ሲሆን ደካማው ይበዘበዛል። ጣሊያናዊው ጸሐፊና ከአውሽቪትስ የተረፈው ፕሪሞ ሌቪ እ.ኤ.አ. በ1986 ባሳተመው መጽሐፍ በናዚ ካምፖች ውስጥ ከእስረኞች መካከል ተመርጠው ሌሎችን ስለሚያዝዙ ሰዎች ጽፏል። ሌቪ በተበዳይና በበዳይ መካከል ያለውን ይህን ቦታ ግራጫ ቀጠና ብሎታል፤ እዚያ ያሉትን ሰዎች በቀላሉ መፍረድ እንደማይገባም አሳስቧል።

ሦስተኛው ሰው በተቋም ውስጥ የግድ ይታዘዛል የሚለው አመለካከት ነው። እ.ኤ.አ. በ1971 በስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲ ፊሊፕ ዚምባርዶ የመራው የእስር ቤት ሙከራ ለሁለት ሳምንት ታቅዶ በስድስት ቀን ተቋርጧል። ሙከራው ሰው የተሰጠውን ሚና በራሱ ይቀበላል ለሚለው ሐሳብ ማስረጃ ተደርጎ ለዓመታት ሲጠቀስ ኖሯል። ሆኖም እስረኛ የሆኑት ተማሪዎች በሁለተኛው ቀን አምፀው ነበር፤ ዘቦቹም አስቀድሞ መመሪያ እንደተሰጣቸው በኋላ ተገልጿል። እ.ኤ.አ. በ2001 አሌክስ ሃስላምና ስቲቭ ራይከር በብሪታኒያ ባካሄዱት ሌላ ሙከራ ደግሞ ዘቦቹ መተባበር አቅቷቸው እስረኞቹ ተባብረው ሥርዓቱን አፍርሰዋል። ሰዎች መታዘዛቸው ወይም መቃወማቸው በአመዛኙ እርስ በርስ እንደ አንድ ቡድን መተያየታቸው ላይ እንደሚወሰን አጥኚዎቹ ደምድመዋል።

ተጽዕኖ

«አሳይለምስ» በታተመበት ጊዜ በአሜሪካ ትልልቅ የአእምሮ ሆስፒታሎችን የመቀነስ ሂደት ተጀምሮ ነበር። በግዛት ሆስፒታሎች የተኙ ሕሙማን ቁጥር እ.ኤ.አ. በ1955 ወደ 560,000 ደርሶ ከዚያ በኋላ ቀንሷል። ለዚህ አዳዲስ መድኃኒቶች፣ የወጪ ጉዳይና የመብት እንቅስቃሴዎች ምክንያት ሲሆኑ፣ የጎፍማን መጽሐፍ ለክርክሩ ቋንቋ ሰጥቷል። በጣሊያን ፍራንካ ኦንጋሮ ባዛሊያ መጽሐፉን ተርጉማዋለች፤ ባለቤቷ ሐኪም ፍራንኮ ባዛሊያ የመራው እንቅስቃሴ እ.ኤ.አ. በ1978 የአእምሮ ሆስፒታሎችን ደረጃ በደረጃ ለመዝጋት የሚያስችለው ሕግ ቁጥር 180 እንዲወጣ አድርጓል።

ጽንሰ ሐሳቡ ዛሬም የአረጋውያን መጦሪያዎችን፣ የስደተኞች ማቆያዎችንና አዳሪ ትምህርት ቤቶችን ለማጥናት ያገለግላል። በእነዚህ ጥናቶች የነዋሪዎች ጸጥታ ብቻውን የመስማማት ማስረጃ ተደርጎ አይወሰድም፤ ሰዎቹ በተፈቀደላቸው ነገር ምን እንደሚሠሩበት፣ የትኛውን ቦታ የራሳቸው እንዳደረጉና ምን እንደሚደብቁ አብሮ ይመረመራል።